በመኪና አደጋ አባወራው ለሞተበት ቤት የሚገባ ካሳ

ሞት ለሰው ልጅ ሁሉ የተቈረጠ ዕዳ መሆኑን የማያውቅ የለም። ነገር ግን በሽታ ያስታመመው ወይም ዕድሜ ያደከመው ሰው ሲሞት፥ ቤተ ሰቡ ምክሩን ሰምቶ፥ ኑዛዜውን ተቀብሎ፥ ያለበትን ዕዳና ከሰው ላይ ያለውን ገንዘብ ዐውቆ ይሸኘዋል። ጧት በደኅና ከቤቱ ወጥቶ ማታ በቃሬዛ የሚመለሰው ግን አንዲት ቃል ሳይናገር፥ ልጆቹንም ለማንም አደራ ሳይል ይሄዳል። አባቶቻችን «ከሞቱ አሟሟቱ» ያሉት ይህን የመሰለውን ነው። ከሐዘኑም በላይ የሚከፋው፥ ለቅሶው ካለፈ በኋላ በባዶ ጎተራ ፊት የሚቀሩት የሙት ልጆችና የእናታቸው ነገር ነው። ስለዚህ ዛሬ በዚህ በቤተ ሰብ ገጻችን፥ በመኪና አደጋ ሰው ሲሞት ለቤተ ሰቡ የሚገባው ካሳ ምን እንደ ሆነ፥ ማን እንደሚከፍለው፥ ማን እንደሚቀበለው፥ በምንስ ምክንያት ከእጅ እንደሚያመልጥ ለማስረዳት አስበናል።

ለነገራችን ምሳሌ የሚሆነን የፎገራ ሜዳ ነው። ይህ አገር ከጣና ባሕር በስተ ምሥራቅ ተዘርግቶ የሚገኝ፥ የርብና የጉማራ ወንዞች የሚያጠጡት፥ ከጥንት ጀምሮ በላሞቹ፥ ከደርግ ዘመን ወዲህ ደግሞ በሩዝ እርሻው ስሙ የተጠራ ለም ምድር ነው። ከባሕር ዳር 60 ኪሎ ሜትር ያህል ርቃ የምትገኘው ወረታ ከተማ የመንገድ መገናኛ ናት፤ አንደኛው መንገድ ወደ ጎንደር ይወጣል፥ ሁለተኛው በደብረ ታቦር በኩል አድርጎ ወደ ወልድያ ይሄዳል። ሩዝ የጫነው ካሚዮን፥ ከጎንደርና ከባሕር ዳር የሚመላለሰው አውቶቡስ፥ በከተማው ውስጥ የሚርመሰመሰው ባጃጅ፥ በሽተኛ ይዞ ወደ ወንዛዬ ፍል ውኃ የሚሄደው መንገደኛ፥ ከብቱን ወደ ግጦሽ የሚነዳው እረኛ፥ ከገበያ የሚመለሰው ገበሬ፥ ሁሉም የሚገናኙት በዚሁ መንገድ ላይ ነው። ሜዳው ዓይን እስኪደክም የተዘረጋ፥ መንገዱም ቀጥ ያለ በመሆኑ ነጂውን ለፍጥነት ይጋብዘዋል። በክረምትም ወንዞቹ ሞልተው እርሻውን በሚሸፍኑበት ጊዜ፥ ከፍ ብሎ የተሠራው መንገድ ለሰውም ለከብትም የደረቀ ስፍራ ስለሚሆን፥ እግረኛውና መኪናው እጅግ ይቀራረባሉ። የ1998 ዓ.ም. ክረምት የርብና የጉማራ ሙላት በፎገራና በሊቦ ከምከም ያደረሰውን ጥፋት የሚያስታውስ ሰው ይህን ይረዳዋል።

መኪና ወደ አገራችን የገባው በዳግማዊ ምኒልክ ዘመን፥ በ1900 ዓ.ም. ነው። ከዚያ ጊዜ አንሥቶ አገርን ከአገር አገናኝቷል፤ እህልን ወደ ገበያ፥ ወላድን ወደ ሐኪም ቤት አድርሷል። ጥቅሙን የሚክድ የለም። ይሁን እንጂ ጥቅሙ ከጉዳቱ ተለይቶ አልመጣም። በነሐሴ 1888 ዓ.ም. በሎንዶን ከተማ አንዲት የልጆች እናት በመኪና ተገጭታ በሞተች ጊዜ፥ የሞቷን ምክንያት የመረመረው ዳኛ እንዲህ ያለ ነገር ሁለተኛ እንዳይደርስ ተመኝቶ ነበር። ምኞቱ አልተፈጸመለትም። የዓለም ጤና ድርጅት በ2016 ዓ.ም. ባወጣው መግለጫ፥ በአንድ ዓመት ውስጥ በመንገድ አደጋ የሞተው የዓለም ሕዝብ 1 ሚሊዮን 190 ሺህ ያህል መሆኑን ገልጿል። ከነዚህም ውስጥ ከመቶው 92ቱ የሞቱት ገቢያቸው ዝቅተኛና መካከለኛ በሆነ አገሮች ነው። ዕድሜያቸው ከ5 እስከ 29 ዓመት የሆኑትን ወጣቶች በመግደል ቀዳሚው ምክንያትም ይኸው የመንገድ አደጋ ነው። እንግዲህ አደጋው የሚበዛው መድን በሚያንስበትና የሙት ልጅ በሚበዛበት አገር ነው ማለት ነው።

ስለ ካሳ ያለው አሳብ ከጥንት የመጣ ነው

ሰው ንብረቱ ላደረሰው ጉዳት ተጠያቂ መሆኑ ለኢትዮጵያ ሰው አዲስ ትምህርት አይደለም። በኦሪት ሕግ ተዋጊነቱ የታወቀ በሬ ሰውን ሲገድል፥ ባለቤቱ እያወቀ ስላላሰረው እንዲጠየቅና የነፍስ ቤዛ እንዲከፍል ተደንግጓል። ከግብጽ የመጣው ፍትሐ ነገሥትም ለብዙ መቶ ዓመታት በአገራችን ሲዳኝበት የኖረ ሲሆን፥ ዐውቆ የገደለውን ሳያውቅ ከገደለው ይለያል። የፎገራ ባለ ከብት ይህን ለመረዳት አስተማሪ አያሻውም፤ ኰርማው የጎረቤቱን ልጅ ቢወጋበት «እኔ ቤቴ ተቀምጬ ነበርና አያገባኝም» ብሎ በሽማግሌ ፊት አይቆምም። መኪናም እንደዚያው ነው። ከበሬ የሚለየው ጕልበቱ መብለጡና ባለቤቱ ብዙ ጊዜ በሩቅ ከተማ መቀመጡ ብቻ ነው።

ሌሎች አገሮችም ወደዚህ አሳብ የደረሱት ቀስ በቀስ ነው። በእንግሊዝ አገር የቈሰለ ሰው ካሳ መጠየቅ ሲችል፥ የሞተ ሰው ቤተ ሰብ ግን ምንም እንዳይጠይቅ የሚከለክል ልማድ ጸንቶ ኖረ። እንግዲህ ማቍሰል የሚያስከፍል፥ መግደል የማያስከፍል ሆኖ ነበር። ይህ ነቀፋ የበዛበት ሥርዓት የተለወጠው በ1838 ዓ.ም. በወጣ ሕግ ነው። ባለ መኪና ሁሉ ለሦስተኛ ወገን መድን እንዲገባ የታዘዘውም በዚያው አገር በ1922 ዓ.ም. በወጣ ሕግ ነው። ኒው ዚላንድ ደግሞ በ1966 ዓ.ም. ጥፋቱ የማን እንደ ሆነ ሳይመረመር ለተጐዳ ሁሉ ከአንድ የጋራ ገንዘብ የሚከፈልበትን ሥርዓት አቆመች።

የአገራችን ሕግ የሚለው

በ1952 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሕግ ስለዚህ ነገር በግልጽ ተናግሯል። በቍጥር 2081 እንደ ተደነገገው፥ የመኪና ባለቤት መኪናው ላደረሰው ጉዳት አላፊ ነው፤ መኪናውን ሲነዳ የነበረው እርሱ ራሱ ባይሆንም እንኳ ከአላፊነት አይድንም። መኪናው በዚያ ጊዜ ተሰርቆበት እንደ ነበረ ካስረዳ ግን ነጻ ይሆናል። «እኔ ጥፋት የለብኝም» ወይም «የአደጋው ምክንያት አልታወቀም» ማለት ብቻውን አያድነውም፤ አደጋው በሙሉ ወይም በከፊል በተጐዳው ሰው ጥፋት የደረሰ መሆኑን ግን ማስረዳት ይችላል። ሁለት መኪናዎች ቢጋጩ፥ ሌላ ማስረጃ እስካልቀረበ ድረስ ሁለቱም እኩል እንዳጠፉ ይቈጠራል። ተሳፋሪ ሆኖ የሞተው ሰው ግን ሒሳብ ከፍሎ በውል የተሳፈረ ስለ ሆነ፥ የእርሱ ነገር ስለ ማጓጓዝ በተደነገገው የንግድ ሕግ ይታያል።

ካሳውን ለመጠየቅ መብት ያላቸው እነማን ናቸው? በቍጥር 2095 የተጠሩት የሟቹ ባል ወይም ሚስት፥ ወላጆቹና ከነርሱም በላይ ያሉት፥ ልጆቹና ከነርሱም በታች ያሉት ናቸው። እነዚህ ሁሉ በየራሳቸው ስም ይጠይቃሉ፤ ካሳውም የሟቹ ውርስ ሳይሆን በሞቱ ምክንያት እነርሱ ላጡት መተዳደሪያ የሚሰጥ ቀለብ ነው። ይህን ልዩነት ልብ ማለት ይገባል። የውርስ ገንዘብ ቢሆን ኖሮ ባለ ዕዳና ዘመድ ሁሉ እጁን በዘረጋበት ነበር፤ ቀለብ ስለ ሆነ ግን የሚበሉት በሟቹ እጅ ይኖሩ የነበሩት ናቸው።

ከዚህ ሌላ ሕጉ በቍጥር 2116 ስለ ሐዘን፥ ማለት ስለ ኅሊና ጉዳት የሚሰጥ ካሳ አለ። ዳኛው የአገሩን ልማድ ተመልክቶ ይወስነዋል፤ ሆኖም ከ1,000 ብር እንዳይበልጥ ሕጉ ወስኗል። ሕጉ በወጣ ጊዜ 1,000 ብር ጥማድ በሬዎች የሚገዛ ትልቅ ገንዘብ ነበር። ዛሬ ግን ከስድሳ ዓመት በላይ ከቆየ በኋላ፥ ለለቅሶ የመጣውን እንግዳ አንድ ቀን እንኳ አያበላም። ስለዚህ የአንድ ቤት ተስፋ በሐዘን ካሳ ላይ ሳይሆን በቀለቡ ካሳ ላይ መሆኑን ማወቅ ያሻል።

ከካሳው ክስ ጋራ የወንጀሉ ክስ ይሄዳል። በ1997 ዓ.ም. ሥራ ላይ የዋለው የወንጀል ሕግ በቍጥር 543፥ በሥራው የሰው ሕይወት የመጠበቅ ግዴታ ያለበት ሰው፥ ለምሳሌ ነጂ፥ በቸልተኛነት ሰው ቢገድል ከ1 ዓመት እስከ 5 ዓመት እስራትና መቀጮ እንዲቀጣ ያዝዛል። ሁለት ወይም ከዚያ በላይ ሰዎችን ቢገድል፥ ወይም የተከለከለውን ዐውቆ ቢተላለፍ፥ ሰክሮም ቢነዳ፥ ቅጣቱ ከ5 እስከ 15 ዓመት ይደርሳል። ቤተ ሰቡም የካሳ ጥያቄውን ከወንጀሉ ክስ ጋራ አጣምሮ ማቅረብ ይችላል።

ስለ መድን

ሕግ ለፈረደለት ሰው ሁሉ ገንዘብ አይገኝለትም። ባለ መኪናው ደኻ ሊሆን ይችላል፤ መኪናውም በአደጋው ተሰባብሮ ዋጋ ቢስ ሊሆን ይችላል። ለዚህ መድኃኒቱ መድን ነው። በ2000 ዓ.ም. የወጣው አዋጅ ቍጥር 559፥ በኋላም እርሱን የተካው የ2005 ዓ.ም. አዋጅ ቍጥር 799፥ ማንም ባለ መኪና ለሦስተኛ ወገን መድን ሳይገባ መኪናውን በመንገድ ላይ እንዳያንቀሳቅስ አዘዙ። መድን የገባ መኪና ምልክቱ በመስተዋቱ ላይ ተለጥፎ ይታያል። መድን የሌለው መኪና ወይም ገጭቶ ያመለጠና ያልታወቀ መኪና ሰው ቢገድል፥ ቤተ ሰቡ ባዶ እጁን እንዳይቀር የመድን ፈንድ የተባለ ገንዘብ ተቋቁሟል። ተጐጂውም ወደ ሐኪም ቤት በደረሰ ጊዜ አስቸኳይ ሕክምና እንዲያገኝ መብት ተሰጥቶታል።

እነዚህ አዋጆች በወጡ ጊዜ ለአንድ ሰው ሞት የሚከፈለውን ከ5,000 ብር እንዳያንስ፥ ከ40,000 ብር እንዳይበልጥ ወስነው ነበር። እንዲህ ያለው ልክ እንደ ዘመኑ የሚለወጥ ስለ ሆነ፥ ባለ ጉዳዩ በሚጠይቅበት ቀን የሚሠራበትን ልክ ከመድን ድርጅቱ ወይም ከትራንስፖርት መሥሪያ ቤት መረዳት አለበት። ከሁሉ የሚበልጠው ቁም ነገር ግን ይህ ነው፤ መድኑ የሚከፍለው የካሳው መጀመሪያ እንጂ መጨረሻው አይደለም። ጉዳቱ ከመድኑ ልክ በላይ ከሆነ፥ ቀሪውን ባለ መኪናውን በፍትሐ ብሔር ሕግ መጠየቅ ይቻላል። ብዙ ሰው የመድኑን ገንዘብ ከተቀበለ በኋላ ነገሩ ያለቀ እየመሰለው ቤቱ ይገባል።

ነገሩን በሒሳብ እንየው። አንድ የፎገራ ገበሬ በዓመት ከሩዙ፥ ከጓያውና ከከብቱ 60,000 ብር ያገኝ ነበር እንበል። ከዚህ ውስጥ ሢሶውን ለራሱ ምግብና ልብስ ያወጣ ነበር ብንል፥ ለሚስቱና ለልጆቹ በዓመት 40,000 ብር ይቀር ነበር። የመጨረሻው ልጁ የ6 ዓመት ሕፃን ቢሆን፥ 18 ዓመት እስኪሞላው 12 ዓመት ይቀረዋል። አርባ ሺህን በ12 ብናባዛው 480,000 ብር ይሆናል። እንግዲህ በአዋጆቹ ተወስኖ የነበረው ከፍተኛው የሞት ካሳ የዚህን ቤት የአንድ ዓመት ቀለብ ብቻ ይሸፍን ነበር፤ የቀሩትን 11 ዓመታት የሚሸፍን አልነበረም። ዳኛው የሟቹን ዕድሜና የገቢውን ሁኔታ መርምሮ ሊቀንስም ሊጨምርም ይችላል፤ ጉዳቱ በትክክል ሊታወቅ ካልቻለም በርትዕ እንዲወስን ሕጉ ሥልጣን ሰጥቶታል። ነገር ግን ማስረጃ ያላቀረበ ባለ ጉዳይ ዳኛው በግምት የሰጠውን ከመቀበል በቀር ሌላ መንገድ የለውም።

ስለ እርቅ

በአማራ አገር ደም ሲፈስ ሽማግሌ መሐል መግባቱ የቆየ ደግ ልማድ ነው። ሽማግሌ ባይኖር የሟቹ ወንድም ጠመንጃውን አንሥቶ ነጂውን ሊፈልግ ይነሣል፤ አንዱ ሞት ሁለት፥ ሁለቱም አራት ይሆናል። ስለዚህ ደሙን የሚያደርቁትን፥ ሁለቱን ወገኖች የሚያስታርቁትን ሽማግሌዎች ማክበር ይገባል። የምንናገረው ስለ እርቁ ሳይሆን በእርቁ ውስጥ ተሰውሮ ስለሚገባው ወረቀት ነው።

ብዙ ጊዜ እንዲህ ይሆናል። ነጂው ታስሯል፤ ባለ መኪናው መኪናው እንዲለቀቅለት ይቸኵላል። ሟቹ በተቀበረ በሳምንቱ ሽማግሌዎች ይላካሉ፤ ለቀብርና ለተዝካር የሚሆን ጥቂት ገንዘብ ይመጣል። ያን ቀን ሚስቲቱ በሐዘን ብዛት ራሷን አታውቅም፤ ስለ እርሷ የሚነጋገሩት አማቾቿና የባሏ ወንድሞች ናቸው። በወረቀቱ ላይ «ከእንግዲህ ወዲህ ምንም ጥያቄ የለንም» የሚል ቃል ይጻፋል፤ እርሷም አውራ ጣቷን ታትማለች። ገንዘቡ በተዝካሩ ድግስ ያልቃል። በዓመቱ የልጆቹ የትምህርት ቤት ወጪ ሲመጣ፥ ለእርሻው በሬ ሲጠፋ፥ ወደ ዳኛ ብትሄድ ተከሳሹ ያን ወረቀት አውጥቶ ያሳያል። «የቸኰለች አፍስሳ ለቀመች» የተባለው ምሳሌ በዚህ ላይ አይደርስም፤ የፈሰሰው ሩዝ ቢሆን ይለቀም ነበር፥ በፊርማ የተሰጠ መብት ግን ተመልሶ ለመለቀም እጅግ ያስቸግራል።

ተዝካር ማውጣት ለሟቹ ነፍስ የሚደረግ ነው፤ የሚያስነቅፍ አይደለም። ነገር ግን ተዝካሩ የሚወጣው ከሟቹና ከዘመዱ ሀብት እንጂ ከሙት ልጅ እንጀራ ሊሆን አይገባም። በሬውን ያጣ ቤት ጥጃውን አርዶ ድግስ ቢደግስ፥ ለከርሞ ምን ሊያርስ ነው? እርቅና ካሳ ሁለት የተለያዩ ነገሮች ናቸው። እርቅ በልብ ያለውን ቂም ያበርዳል፤ ካሳ በጎተራ ያለውን ጕድለት ይሞላል። አንዱን ስለ ተቀበሉ ሌላውን መተው አያስፈልግም። ሽማግሌዎችም በእርቁ ቃል ላይ «የልጆቹ የካሳ መብት የተጠበቀ ነው» የሚል አንድ ዐረፍተ ነገር ቢያስገቡ፥ ደሙንም አድርቀው ልጆቹንም አሳድገው ይሄዳሉ።

የቤተ ሰቡ ተግባር

እንዲህ ያለ መከራ የደረሰበት ቤት፥ ከሐዘኑ ጋራ እነዚህን ነገሮች ከመፈጸም እንዳይዘነጋ እንመክራለን።

1ኛ፤ አደጋው እንደ ደረሰ ለፖሊስ ማመልከት፥ የመኪናውን ታርጋ ቍጥርና የመድኑን ምልክት ማስመዝገብ፥ አይተናል የሚሉትን ሰዎች ስም መያዝ። ነጂው አምልጦ ከሆነም ዝም ማለት አይገባም፤ የመድን ፈንድ የተቋቋመው ለዚህ ነውና።

2ኛ፤ የፖሊስን የምርመራ ወረቀትና የሐኪምን የሞት ማስረጃ ግልባጭ ተቀብሎ በደኅና ቦታ ማኖር።

3ኛ፤ የጋብቻና የልደት ማስረጃ ማዘጋጀት። በአገራችን የልደት፥ የጋብቻ፥ የፍችና የሞት ምዝገባ በመላው አገር የተጀመረው በ2008 ዓ.ም. ነው። ከዚያ በፊት በሽማግሌ ፊት የተጋቡ ባልና ሚስት ብዙዎች ናቸው፤ እነርሱ በሕይወት ሳሉ ቢመዘገቡ፥ አንዱ ሲሞት ሌላው ሚስትነቱን ወይም ባልነቱን ለማስረዳት አይንከራተትም።

4ኛ፤ የሟቹን ገቢ የሚያስረዳ ወረቀት ሁሉ፥ የመሬት ይዞታ ደብተር፥ የግብር ደረሰኝ፥ የደመወዝ ወረቀት፥ የሩዝ ሽያጭ ደረሰኝ ቢሆን መሰብሰብ።

5ኛ፤ ጊዜውን መጠበቅ። የፍትሐ ብሔር ሕግ በቍጥር 2143 የካሳ ጥያቄ ጉዳቱ በደረሰ በ2 ዓመት ውስጥ እንዲቀርብ ያዝዛል። ድርጊቱ ወንጀል ሆኖ የወንጀሉ ይርጋ ከዚህ የረዘመ እንደ ሆነ በረዘመው ይሠራል፤ ሆኖም በዚህ ተማምኖ መዘግየት ከጠበቃ ክርክር ውስጥ ራስን ማስገባት ነው። «ሳይደርቅ በርጥቡ፥ ሳይርቅ በቅርቡ» እንደ ተባለው፥ ምስክሩ ሳይሞት፥ ወረቀቱም ሳይጠፋ ክሱን ማቅረብ ይሻላል።

6ኛ፤ ገንዘቡ በተገኘ ጊዜ የልጆቹን ድርሻ ለይቶ በየስማቸው በባንክ ማስቀመጥ። ዘመድ ሲበደር አይከለከልምና፥ በቤት የተቀመጠ የሙት ልጅ ገንዘብ ልጁ ሳያድግ ያልቃል።

የባለ ሥልጣን ተግባር

ይህን ጽሑፍ ከሚያነቡት ውስጥ በሹመት ያሉ፥ ማኅተም የያዙ፥ በአንድ ፊርማ የሰውን ጉዳይ ሊያስፈጽሙ ወይም ሊያዘገዩ የሚችሉ ብዙዎች ናቸው። ማንበብና መጻፍ የማትችል አንዲት የገጠር ሴት፥ ከቀበሌ ወደ ፖሊስ፥ ከፖሊስ ወደ ሐኪም ቤት፥ ከሐኪም ቤት ወደ መድን ድርጅት፥ ከዚያም ወደ ፍርድ ቤት ስትመላለስ፥ አንድ ጸሐፊ «ነገ ተመለሺ» ያላት እንደ ሆነ የምታጣው አንድ ቀን ብቻ አይደለም። የመኪና ሒሳቧን፥ የልጆቿን ራት፥ በመጨረሻም ተስፋዋን ታጣለች። ነገ ነገ እየተባለ ሁለት ዓመት ይሞላል፤ መብቷንም ያሳጣት ሕጉ ሳይሆን የጸሐፊው ቸልተኛነት ይሆናል።

ስለዚህ የመንገድ ፖሊስ የምርመራውን ወረቀት ለቤተ ሰቡ ሲሰጥ፥ የመድኑ ድርጅት የትኛው እንደ ሆነና የጊዜው ገደብ ስንት እንደ ሆነ በቃል ቢነግራቸው ምንም አይጐድልበትም። የቀበሌ ሹም የወራሽነትና የጋብቻ ምስክር ሲጠየቅ በዕለቱ ቢፈጽም፥ ዳኛም የእርቅ ወረቀት በቀረበለት ጊዜ «ለልጆቹ የቆመላቸው ማን ነበር?» ብሎ ቢጠይቅ፥ ብዙ ቤት ከመፍረስ ይድናል። ሕግ አውጪዎችም በ1952 ዓ.ም. የተወሰነው የ1,000 ብር የሐዘን ካሳ ዛሬ ምን ዋጋ እንዳለው ቢመለከቱት መልካም ነው፤ ገንዘብ ሲረክስ ያልተነሣ ልክ፥ ሳይሻር የተሻረ ያህል ነውና።

ባለ መኪናዎችም ቢሆኑ መድንን እንደ ግብር ጭነት ሊያዩት አይገባም። በአንድ ቀን አደጋ የብዙ ዓመት ጥሪታቸው እንዳይጠፋ የሚጠብቃቸው እርሱ ነው። ነጂውም የፎገራን ሜዳ በሚያቋርጥበት ጊዜ ከፊቱ ከብት የሚነዳውን ልጅ አይቶ እግሩን ከፍጥነት ቢያነሣ፥ ከተከፈለው ካሳ ሁሉ የሚበልጠውን ካሳ አስቀድሞ ከፈለ ማለት ነው። የሞተውን የሚመልስ ገንዘብ ከቶ የለም። ለቀሩት ልጆች የሚገባውን ቀለብ በጊዜው ማድረስ ግን በእጃችን ያለ ነገር ነውና፥ ሹሙም፥ ሽማግሌውም፥ ዘመዱም በየድርሻው ሊተጋበት ይገባል።